የትኛው 1636?

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ፤

ከቴአትር መድረክ ወጥተው የየአካባቢውን ታሪክ በቴሌቪዥን የሚያስተምሩ ሰዎች ለዛ አይጎድላቸውም። የሚያደናቅፋቸው ዘመን አቆጣጠሩ ነው። ዐፄ ፋሲል ጎንደርን በ1636 ቆረቆሩ ይሉና ትንሽ ቆይተው ዓድዋን በ1888 ያደርጉታል። የመጀመሪያው የፈረንጅ ነው፣ ሁለተኛው የእኛ። ተማሪው ቀንሶ 252 ዓመት ያገኛል፤ ልኩ ግን ወደ 260 ነው።

የፈረንጁን ወደ እኛ ለመመለስ ከመስከረም 1 እስከ ፈረንጆች አዲስ ዓመት ዋዜማ 7፣ ከዚያ እስከ ጳጉሜን 8 ይቀነሳል። ዓድዋ የካቲት 23 ስለሆነ በፈረንጅ 1896 ነው። ወሩ ያልታወቀ ሲሆን፣ እንደ ጎንደሩ፣ «1628/29 ዓ.ም.» ማለት ይበቃል። በስክሪኑ ላይም ከቁጥሩ ጎን «ዓ.ም.» ወይም «እ.ኤ.አ.» ይጻፍ፤ ተራኪው ድምፁን ዝቅ ሲያደርግ (የመድረክ ልማድ ነው) መጀመሪያ የምትዋጠው ይህችው ቃል ናት።

የዘወትር ተመልካች