ሩቢኔት ሻጩና ጎረቤቶቹ

ውድ ሰብሊዬ፣

እንደምን ከርመሻል? መጥፋቴን ይቅር በዪኝ፤ ሰበብ ከመደርደር የጠየቅሽኝን ብመልስ ይሻላል።

«ድራማዬን ሁለት ቤተሰብ ይዤ ስጽፍ አንዱ ጋ ስሄድ ሌላው ይቀዘቅዝብኛል» ብለሽኝ ነበር። የፈረንሳዮቹን ተከታታይ የቴሌቪዥን ድራማ «ፌ ፓ ሲ፣ ፌ ፓ ሳ» ፈልገሽ እዪ። «ይህን አታድርግ፣ ያን አታድርግ» ማለት ነው፤ ስሙ ከዣክ ዱትሮን ዘፈን የመጣ ነው። ከ2007 እስከ 2017 እ.ኤ.አ. በፍራንስ 2 ጣቢያ ዘጠኝ ምዕራፍ ታይቷል።

የሁለት ቤተሰብ ታሪክ ነው፤ ቦታው ፓሪስ አጠገብ፣ ሴቭር። ሌፒኮች አራት ልጅ ያላቸው ጥብቅ ካቶሊኮች ናቸው። ቡሌዎች ቤት ግን ቁጣ ነውር ነው፣ ሁሉም በውይይት። ስሞቹን ስታነቢ እንዳትደናገሪ፦ ቫሌሪ ቡሌን የምትጫወተው ኢዛቤል ጄሊና ናት፣ ቫሌሪ ቦንቶን ደግሞ ፋቢየን ሌፒክን።

በምዕራፍ አንድ ቤተሰቦቹ አይተዋወቁም። ፊቱ የማይታይ ጠያቂ ይቀርጻቸዋል፣ እነሱም ወደ ካሜራው እያዩ ይመልሳሉ። ያስቃል፤ ግን ያንቺው ችግር እዚያም አለ፣ ንጽጽር ብቻ ነውና አንዱ የሌላውን ቀን አያበላሽም። በምዕራፍ ሁለት ጠያቂው ቀርቶ ቤተሰቦቹ ጎረቤት ሆኑ። በኋላ የሌፒኮቹ ክሪስቶፍና የቡሌዎቹ ቲፌን ሲዋደዱ፣ በአንዱ ማዕድ ቤት የተባለ ነገር በሌላው መድረሱ አይቀርም።

አንቺ ግን በፍቅር አትጀምሪ፤ ቶሎ ያልቅብሻል። መጀመሪያ ትንሽ ነገር አጥር አሻግሪ። ለምሳሌ የፈተና ውጤት፦ ጥብቁ ቤት ልጁ ካርዱን ይደብቃል፤ የሚደብቀው ጎረቤት ቤት ነው። የጎረቤት እናት ታገኘዋለች። ብትናገር «ልጅ አምኖኝ አልከዳውም» የሚለው መርሗ ይፈርሳል፣ ዝም ብትል ጉርብትናው። አሁን ካሜራሽ የትኛውም ቤት ቢሆን ሌላው አይረሳም። ካርዱን ያገኘችው የገዛ እናቱ ብትሆን ኖሮ ግን ትዕይንቱ እዚያው በቁጣ ያልቅ ነበር።

ደግሞ የገጸ ባሕርያትሽን ሥራ አትርሺ። የሌፒኮቹ አባት ሬኖ የሩቢኔት ኩባንያ ሠራተኛ ነው፤ አዎ፣ ያው እኛም ሩቢኔት የምንለው! ስለ ሩቢኔት ሲያወራ ቅንጣት አይቀልድም፤ የሚያስቀውም ለዚህ ነው። ያንቺ አባወራ «ነጋዴ» ነው ብለሽ አልፈሻል። ምን ይሸጣል?

ካርዱ የሚገኝበትን ትዕይንት ስትጨርሺ ላኪልኝ።

ያንቺው፣
ሙሉ