እንቁላል አጥቦ ማስቀመጥ ይቅር

ለተከበረው የጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፣

በሱሉልታ፣ በለገጣፎና በቡራዩ ከመንገድ ዳር ሱቅ እንቁላል ስንገዛ ታጥቦ ያማረውን እንመርጣለን። ኩስ የነካው ከደረሰን ደግሞ ቤት ወስደን ባልዲ ውስጥ ዘፍዝፈን፣ አጥበን እናስቀምጠዋለን። ለንጽሕና ተብሎ የሚደረግ ነው፤ ነገር ግን በሽታውን ወደ ውስጥ የሚያስገባው ይኸው ልማድ ስለሆነ ባለሱቆችም እኛም ብንተወው እላለሁ።

የእንቁላል ቅርፊት በሺዎች የሚቆጠሩ፣ በዓይን የማይታዩ ቀዳዳዎች አሉት። ዶሮዋ ስትጥለው ቀዳዳዎቹን የሚደፍን ስስ ሽፋን ለብሶ ነው የሚወጣው። ውሃና ፍትጊያ ያን ሽፋን ያነሱታል። ውሃው ከእንቁላሉ የቀዘቀዘ ከሆነ ደግሞ ውስጡ ይኮማተርና በቅርፊቱ ላይ ያለውን እድፍ በቀዳዳዎቹ ይስባል፤ በኩስ ውስጥ የሚኖረው ሳልሞኔላ የሚባለው ባክቴሪያም አብሮ ይገባል። 30 እንቁላል በአንድ ባልዲ ከተነከረ የአንዱ ቆሻሻ ለ29ኙ ይደርሳል።

ጥቂት ኩስ የነካውን በደረቅ ንጹሕ ጨርቅ መጥረግ ይበቃል። በጣም የቆሸሸውን ለይቶ በዚያው ቀን አብስሎ መብላት ነው። መታጠብ ካለበትም ሊበስል ሲል ብቻ፣ ለብ ባለ በሚወርድ ውሃ፤ ዘፍዝፎ ግን አይደለም። ተሰንጥቆ የፈሰሰውን መጣል። ዋናው ሥራ ያለው አርቢው ዘንድ ነው፦ ዶሮዋ እንቁላል የምትጥልበት ጉዝጓዝ ደረቅ ቢሆንና እንቁላሉ በቀን ሁለት ሦስት ጊዜ ቢሰበሰብ ለማጠብ የሚያደርስ ቆሻሻ አይኖርም።

ንጹሕ ቅርፊት ብቻውን ዋስትና አይሆንም። የታመመች ዶሮ ቅርፊቱ ገና ሳይሠራ ባክቴሪያውን በውስጡ ልታሳልፍ ትችላለች፤ እርሷም ጤነኛ መስላ ትታያለች። ስለዚህ «የአበሻ ነው» ተብሎ ጥሬውን ከወተት ጋር መጠጣት አደጋ አለው። ውሃ ውስጥ ከትቶ መስጠም መንሳፈፉን ማየትም የሚነግረን ዕድሜውን እንጂ ደኅንነቱን አይደለም።

አስተማማኙ ማብሰል ነው፤ እዚህ ላይ ደጋ መሆናችን ይታሰብ። በባሕር ጠረፍ ውሃ በ100 ዲግሪ ሲፈላ ሱሉልታ ላይ በ91 ዲግሪ ገደማ ይፈላል። እየተንፈቀፈቀም ሙቀቱ ያነሰ ስለሆነ ለቆላ አገር የተጻፈ ደቂቃ እኛ ዘንድ አስኳሉን ለጋ ያስቀራል። ውሃው ከፈላ በኋላ ከ12 እስከ 15 ደቂቃ ይቆይ፤ አስኳሉ እስከ መሐሉ ይጠንክር። ጥብሱም ፍርፍሩም የሚፈስ ነገር አይኑረው።

በተለይ የሚያሳስበኝ ፋሲካ ነው። በሁዳዴ 55 ቀን ገዢ ስለሚቀንስ እንቁላል በየሱቁና በየቤቱ ይከማቻል። እንቁላል ሲያረጅ አስኳሉን የያዘው ስስ ሽፋን ይላላል፤ ምግቡ ወደ ነጩ ይወጣል፤ ነጩም ባክቴሪያ የመከላከል ኃይሉ ይደክማል። በቆርቆሮ ጣሪያ ሥር ወይም ፀሐይ ባረፈበት መደርደሪያ ላይ ከሰነበተ ይብሳል። ፍሪጅ ያለው እዚያው ያቆየው፤ ከፍሪጅ ወጥቶ ያላበውን ደግሞ መልሶ ማስቀመጥ አይገባም። የሌለው ጥቂት ጥቂት እየገዛ፣ ጥላና ነፋስ ባለበት ያኑር። ለዶሮ ወጥ የተቀቀለው ከተላጠ በኋላ ከሁለት ሰዓት በላይ ውጭ አይደር፤ ወጡ ሊወጣ ሲል ቢላጥ ይሻላል። በሚጥሚጣ ከሚሸጠውም ቅርፊቱ ያልተነሳውን ገዝቶ በታጠበ እጅ መላጥ ነው።

በሳልሞኔላ የሚመጣው ሕመም እንቁላሉ ከተበላ በኋላ ከ6 ሰዓት እስከ ጥቂት ቀናት ባለው ጊዜ በትኩሳት፣ በቁርጠትና በተቅማጥ ይጀምራል፤ አብዛኛው ሰው በሳምንት ውስጥ ይድናል። ሕፃናትን፣ አረጋውያንንና ነፍሰ ጡሮችን ግን ይጎዳል። ኦአርኤስ (በተቅማጥ የወጣውን ፈሳሽ የሚተካ፣ በውሃ የሚበጠበጥ ዱቄት) ወዲያው ይጀመርላቸው፤ ተቅማጡ ደም ካለበት ወይም ሕፃኑ ሽንቱ ከቀነሰ ጤና ጣቢያ ሳይዘገይ ይወሰድ።

አርቢዎችና አከፋፋዮች በየካርቶኑ ላይ እንቁላሉ የተሰበሰበበትን ቀን በእስክሪብቶ ቢጽፉልን ብዙ ያግዘናል፤ ሸማቹም ከመግዛቱ በፊት ይጠይቅ።

ከአክብሮት ጋር
የምግብ ደኅንነት ባለሙያ፣ ከሱሉልታ