«በንግድ ሥራም ተሰማርተው ነበር» ስላላችኋት አንዲት መስመር

ለተከበራችሁ የጋዜጣው አዘጋጆች፣

ባለፈው እትማችሁ ስለ ድሬዳዋው ሻለቃ ያወጣችሁትን የሕይወት ታሪክ አነበብኩ። ግማሽ ገጽ ሰጥታችኋቸዋል፣ እግዜር ይስጥልን። ፎቶውም ደርባባ ነው። ግን ርእሱን «የጃንሆይ እልፍኝ አስከልካይ አረፉ» ብላችሁ፣ ሁለት ረጃጅም ዓምድ ስለ ቤተ መንግሥትና ስለ ሰልፍ ካተታችሁ በኋላ፣ «ከ1983 ዓ.ም. ወዲህ በንግድ ሥራም ተሰማርተው ነበር» በምትል አንዲት መስመር ዘጋችሁት። የዚያች መስመር ሒሳብ ያዥ እኔ ነበርኩ። ዝም ልል አልቻልኩም።

መጀመሪያ ስሕተቱን ላርም። እልፍኝ አስከልካይ ማለት ንጉሡ ዘንድ ማን ይግባ፣ ማን ደጅ ይጥና የሚለውን የሚወስን ትልቅ የቤተ መንግሥት ሹም ነው። ሻለቃ ቤተ መንግሥት አላገለገሉም። በ1958 ዓ.ም. ከሐረር ጦር አካዳሚ በምክትል መቶ አለቅነት ተመርቀው እዚያው ሐረር ሦስተኛ ክፍለ ጦር ተመደቡ። አካዳሚው በ1950 ዓ.ም. ሲከፈት አስተማሪዎቹ የሕንድ መኮንኖች ነበሩ። ሻለቃ በጣም ሲናደዱ ካማርኛው መሐል የእነዚያ ሕንዶች እንግሊዝኛ ዘሎ ይወጣ ነበር፤ ሠራተኞቹ በድምፁ ብቻ የቁጣውን ልክ እናውቅ ነበር። በኋላ ለአንድ አዛዥ ልዩ ረዳት ሆኑ። ሥራው ምን ነበር ብዬ ጠይቄያቸዋለሁ። «ሁለት እርምጃ ወደ ኋላ፣ ግማሽ እርምጃ ወደ ግራ ሆኖ መሄድ» አሉኝ። ሌላው ካፖርት መያዝ፣ ሰዓት ማየት፣ የእንግዳ ስም አለመርሳት ነው።

ንጉሠ ነገሥቱ ለምረቃ ሐረር ሲመጡ የሽልማት ትሪ ይዘው ከጎን የቆሙት ሦስት ጊዜ ነው። አንደኛው ቀን ጉንዳን በኮሌታቸው ገብቶ ጀርባቸውን እየነከሳቸው ሳይንቀሳቀሱ ቆሙ። እልፍኝ አስከልካይ ያደረጋችኋቸው እንግዲህ ይኸው ነው። ፎቶው ላይ በትከሻቸው የሚታየው ባለ ወርቅ ክር ገመድም ታሪክ አለው። በደርግ ጊዜ እትዬ፣ ባለቤታቸው ማለቴ ነው፣ ማሽላ ጎተራ ውስጥ ደበቁት፤ ከዚያ ወዲህ ደግሞ የሳሎኑ መጋረጃ ማሰሪያ ሆኖ ሃያ ዓመት አገልግሏል። ለፎቶው ጊዜ ነው ከመጋረጃው የተፈታው።

ከሶማሊያ ጋር ስለተደረገው ጦርነት ብዙ አልጽፍም፣ እናንተም ጽፋችኋል። በነሐሴ 1969 ድሬዳዋ ስትደበደብ እኔ የአሥራ ሦስት ዓመት ልጅ ነበርኩ፤ አባቴ ለገሃር ይሠራ ስለነበር በምድር ባቡሩ ቤት አልጋ ሥር ተኝተን ነበር። ሻለቃ ያኔ ከከተማው ዳር ምሽግ ውስጥ ነበሩ። የግራ እግራቸው የቀረው ከዚያ ነው፤ መቅረቱ እንኳ አልቀረም፣ ማነከሱን ማለቴ ነው።

1983 ላይ ሠራዊቱ ሲበተን ከካምፕ አንድ ብርድ ልብስ ይዘው መጡ። ከዚራ ሙዝ ልሽጥ ቢሉ እትዬ አለቀሱ። ያን ጊዜ ቡና ላኪዎች ጆንያ ይቸግራቸው ነበር፤ የሐረር ቡና ደግሞ የሚበጠረውም የሚሸኘውም ከዚህ ከድሬ ነው። ሻለቃ ከዳቦ ቤትና ከስኳር ነጋዴ አሮጌ ጆንያ እየለቀሙ፣ እያራገፉ፣ እያስጠገኑ መሸጥ ጀመሩ። እኔ በ1986 ስቀጠር ደመወዜ 120 ብር ነበር፤ አንድ ጥሩ ጆንያ ሦስት ብር።

መጋዘናቸውን ብታዩ! ጆንያ በሦስት ይከፈላል፦ ጤነኛ፣ ቁስለኛ፣ ሙት። ቁስለኛው አራት ሴቶች ዘንድ ሄዶ በትልቅ መርፌና በሲባጎ ይታከማል። ሙቱ ተቆርጦ ለቁስለኛው እራፊ ይሆናል። ጠዋት ሁለት ሰዓት ላይ «ጸሐፊ፣ ዛሬ ስንት ቁስለኛ አለን?» ይሉኛል። ቁጥሩን ካልያዝኩ ወዮልኝ። የዘገየ ሃያ አምስት ሳንቲም ይቀጣል፤ የቅጣቱ ብር በፋሲካ ለሴቶቹ ዘይት ይገዛበታል።

ነጋዴነቱ ግን፣ እውነቱን ልናገር፣ አይሆንላቸውም ነበር። ክርክር አይወዱም። ገዢው «ቀንሱልኝ» ካለ ተረከዛቸውን አዙረው ወደ ውስጥ ይገባሉ። ደንበኛ ስንት አጣን! በስተኋላ እትዬ የጓሮውን በር ያዙ፤ ፊት ለፊት የተጣላውን ነጋዴ ከኋላ ጠርተው ሻይ አጠጥተው፣ አሥር ሳንቲም ቀንሰው ያስታርቁ ነበር። ሻለቃ ያውቁ ነበር ወይ? ደብተሩን በየቅዳሜው ያያሉ፤ ልዩነቱን ያያሉ፤ ይፈርማሉ። ኮንትሮባንድ አልነካንም ብዬ ደግሞ አልምልላችሁም፣ ድሬ ነው አቦ፤ ግን ከጅቡቲ የመጣ ሲባጎ ነው፣ ከዚያ አላለፈም።

ሐምሌ 1998 የደቻቱ ወንዝ ሌሊት ሞልቶ ከሁለት መቶ በላይ ሰው ወሰደ። የእኛ መጋዘን ወንዙ አጠገብ ነበር። ጠዋት ስደርስ ሻለቃ በተተኮሰ ሸሚዝ ጭቃው ውስጥ ቆመዋል። «ጸሐፊ፣ ቁጠሪ» አሉኝ። የሚቆጠር የለም። ሦስት ሺህ ጆንያ ሄዷል። የተረፈው የዱቤ ደብተር ብቻ ነው፣ እሱም እኔ ለመደመር ቤት ወስጄው ስለነበር። ከጠጋኞቹ አንዷ ቤቷ ተወስዶባት ከልጆቿ ጋር መንገድ ላይ ነበረች፤ በዚያው ቀን የሻለቃ የጓሮ ክፍል ገባች፣ አራት ዓመት ኖረችበት።

ሳምንት ቆይቶ ደብተሩን አምጪ አሉኝ። ስም እየጠራሁ እሳቸው እንደ ኬላ ዘበኛ «ይለፍ» ወይም «ይቆይ» ይላሉ። ወንዝ ዳር የሚኖር ሁሉ ይለፍ። አሥራ ዘጠኝ ሰው እንዲህ ዕዳው ቀረለት። አንድ ነጋዴ እሱም ተጎድቻለሁ ብሎ አስልኮ ነበር። «እሱ ቤቱ ፎቅ ነው» አሉ፣ «ይቆይ።»

ኋላ ኋላ ከተማው ሥነ ሥርዓት ሲኖረው ይፈልጋቸው ጀመር። ሠርግ ላይ የሽማግሌ አቀማመጥ፣ የእድር ድንኳን ውስጥ ማን ከማን ጎን እንደሚቀመጥ፣ የሰንደቅ ዓላማ አስተጣጠፍ፣ ሁሉም ለሳቸው ነው። የካቲት 26 የካራማራ ድል ሲከበር የአበባ ጉንጉን ይዘው ከባለሥልጣኑ ኋላ ይሄዳሉ፣ ያቺው ሁለት እርምጃ፣ ያቺው ግማሽ። ጋባዡ መሥሪያ ቤት ስሙን ልተወውና፣ ዩኒፎርም ለብሰው እንዲመጡ ይደውላል እንጂ መኪና አይልክም። በባጃጅ ነበር የሚሄዱት፤ ዩኒፎርሙ አቧራ እንዳይነካው እትዬ በላዩ ነጠላ ያለብሷቸው ነበር። የእናንተ ፎቶግራፍ አንሺ ያነሳቸው ነጠላው ከተገፈፈ በኋላ ነው።

እባካችሁ በሚቀጥለው እትም ሁለት ነገር አርሙ። እልፍኝ አስከልካይ የሚለውን አውጡት። ጆንያውን አስገቡት። ደብተሩ፣ ይለፍ የተባሉት አሥራ ዘጠኙ ስሞች ሳይቀሩ፣ እኔ ዘንድ ነው። ስማቸውን ግን አታትሙ። ፎቶ ማንሳት ከፈለጋችሁ ከሰዓት በኋላ ኑ፤ ጠዋት ሙቀቱ ሳይበረታ ቀፊራ ገበያ እሄዳለሁ።

ከከዚራ፣ ድሬዳዋ
(ስሜ በዝግጅት ክፍሉ ዘንድ ይታወቃል)