ልጄ፣ ካሜራውን እንዳትሸጪ

የኔ እናት፣ ደህና ነሽ ወይ? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን፣ የእናትሽም ጉልበት ተሽሏታል። ትናንት አክስትሽ ደውላ ካሜራሽን ለሽያጭ ማውጣትሽን ነገረችኝ። እንቅልፍ በዓይኔ አልዞረም። ሥራ የለም፣ ምስሉን ሁሉ ኮምፒውተር ነው የሚሠራው ብለሻታል። ይሁን። ግን ካሜራውን እንዳትሸጪ።

ያ ሁሌ የማወራልሽ ቡሬል ትዝ ይልሻል አይደል? ሌዎንስ አንሪ ቡሬል፣ ፈረንሳዊው የፊልም ቀራጭ። በ1915 እ.ኤ.አ.፣ ገና በ22 ዓመቱ፣ ከፊልም ዳይሬክተሩ ከአቤል ጋንስ ጋር ሆኖ የሰውን መልክ በሚያጣምም መስታወት ፊልም ቀረጸ። ፕሮዲውሰሩ ለሕዝብ አላወጣም አለ። ተስፋ ቆርጦ ቀረ እንዴ? ከጥቂት ዓመት በኋላ እኮ «ላ ሩ» የተባለውን የአንድ ባቡር ነጂ ታሪክ ፊልም የቀረጹት አንቺ ያለሽበት ኒስ ነው! ጋንስ የሚወዳት ሴት ሳንባዋን ታማ ስለነበር ለእሷ አየር ብለው እዚያ ወረዱ፣ ኋላም ወደ ሞንብላን ተራራ በረዶ ወጡ። የባቡር ነጂውን ቤት የሠሩት እዚያው ሐዲዱ መሃል ነው። መጀመሪያ ጥላሸት፣ ቀጥሎ በረዶ። የዚያን ጊዜ ካሜራ ደግሞ በእጅ ነበር የሚዞረው፣ በሰከንድ ሁለት ዙር ገደማ። ፊልሙ ቀይ አያይም፤ ቀይ የተቀባ ከንፈር ጥቁር ሆኖ ይወጣል፣ ሰማያዊው ሰማይ ነጭ።

አያትሽ ፎቶ ቤቱን ሲዘጋ ካሜራውን ለገዢው ያደረስኩት እኔ ነኝ። ማንጠልጠያ ቆዳው ላይ የአንገቱ ላብ ደርቆ ነበር። ከዚያ በኋላ ሰርግ ተጠርቶ ሲሄድ እጁን የት እንደሚያደርገው ይጠፋው ነበር፤ አንዴ ኪሱ ይከታል፣ አንዴ ጉልበቱ ላይ ያደርጋል፣ ሙሽሮቹ ሲገቡ ደግሞ ሳያስበው ይነሳል። ይሄ እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል። አንቺ ግን ካሜራውን እንዳትሸጪ፣ ሰምተሻል?

ፊልም ላይ ድምፅ ሲመጣም ጊዜው አበቃ ተብሎ ነበር። ካሜራው ይጮሃል ተብሎ ከነቀራጩ ሳጥን ውስጥ ይዘጉበት ጀመር። ቡሬል ግን መሥራቱን ቀጠለ። ዳይሬክተሩ ሮቤር ብሬሶን ስለ አንድ የገጠር ቄስ በ1951 ያወጣውን ፊልም ሲቀርጽለት ዕድሜው ወደ ስልሳ ተጠግቶ ነበር። ብርሃኑ ለስላሳ፣ ግራጫ፣ ምንም ማብለጭለጭ የሌለበት። በ1956 በወጣው ፊልም ደግሞ ሊዮን ከተማ ያለው የሞንሉክ እስር ቤት፤ እስረኛው በማንኪያ የበሩን ሳንቃ ሲፍቅ እጁን ብቻ እያየሽ ትንፋሽሽን ትይዣለሽ። ከብሬሶን ጋር አራት ፊልም ሠርቷል፣ የመጨረሻው ሲወጣ ሰባ ሊሞላው ምንም አልቀረውም። አንቺ ገና በሃያ ስድስትሽ ነው አበቃልኝ የምትይው?

ማስታወቂያውን ዛሬውኑ አንሺው። ለዚህ ወር ኪራይ ከአክስትሽ ጋር ተነጋግረናል፣ አትጨነቂ፣ ምሳም አትዝለይ። ያለሽበት የባሕር ዳርቻ ስለሆነ ሌንሱን መስኮት አጠገብ አታስቀምጪ፣ ጨዋማው አየር ይበላዋል። እሁድ ደውዪ። ስለ ሽያጩ ግን እናትሽ ፊት ትንፍሽ እንዳትዪ።

አባትሽ