ለቅሬ ቤታችን መወጣጫ የድጋፍ ጥሪ

ሰላም የወሎ ልጆች፣ እንደምን ከረማችሁ?

ደሴ፣ ከጦሳ ተራራ ሥር ያለው ቅሬያችን፣ ማለትም እድራችን፣ ቤቱን ሊያድስ ነው። አካል ጉዳተኛ አባላት ያለ ሰው እርዳታ እንዲገቡበት መወጣጫ (ደረጃ የሌለው ተዳፋት መግቢያ)፣ መደገፊያ ብረት፣ ሰፋ ያለ በርና የሚመች መጸዳጃ ቤት ይሠራል። ለዚህ ነው ድጋፋችሁን የምንጠይቀው።

እኔ የቅሬው አባል ነኝ፤ የምንቀሳቀሰው በዊልቸር ነው። ወርሃዊ መዋጮዬን እንደማንም እከፍላለሁ። ስብሰባ ሲጠራ ግን ደጃፉ ላይ ሦስት ደረጃ አለ። የሰፈሬ ሰው ደግ ነው። «ና አዝለን እናስገባሃለን» ይላል፣ ያዝላልም። ግን ታዝሎ የገባ ሰው ሲፈልግ አይወጣም። ሽንቱ ቢመጣ ማንን ይጥራ? ለሴቶች ደግሞ ይብሳል። ሌላው ደግነት «ተዉት፣ እሱ ይቅርለት» የሚለው ነው። ከቅጣቱ ነፃ ትሆናለህ፣ ከውይይቱም አብረህ ትቀራለህ። እንዲህ ያለው ምሕረት ለእኔ ይቅርብኝ። ቀብር ከቀረሁ እንደማንኛውም አባል ልቀጣ፤ መግቢያው ብቻ ይሠራ።

በ2001 ዓ.ም. የወጣው የሕንፃ አዋጅ ቁጥር 624/2001 የሕዝብ ሕንፃዎች ለአካል ጉዳተኞች መግቢያ እንዲኖራቸው ደንግጓል። የእኛ ቤት ከዚያ በፊት የተሠራ ነው። በ2014 ዓ.ም. ጦርነቱ ወሎን ሲያዳርስ ደግሞ ክራንች የያዘ ሰው በየሰፈሩ በዛ። ጉልበታቸው የደከመ እናትና አባቶቻችንም አሉ።

አሁን ወደ ልኩ። እያንዳንዱ ደረጃ 15 ሳንቲ ሜትር ነው፤ ሦስቱ 45። ለ1 ሜትር ከፍታ 12 ሜትር ርዝመት ስለሚያስፈልግ፣ መወጣጫው 5 ሜትር ከ40 ይሆናል። ግቢያችን በቀጥታ ለዚህ አይበቃም፤ ስለዚህ መሃሉ ላይ ደልዳላ ማረፊያ ተትቶ ይታጠፋል። «አሳጥሩት፣ ሲሚንቶ ይተርፋል» ያሉን አሉ። አጭር መወጣጫ ሽቅብ አያስወጣም፣ ቁልቁል ደግሞ ይዞህ ይወርዳል። ስንት ሕንፃ ላይ ለይስሙላ የተሠራው እንዲያ ነው! ላዩም ሴራሚክ አይሆንም። የደሴን ክረምት የሚያውቅ ለምን እንደሆነ አይጠይቀንም።

መስማት ለተሳናቸው አባላት የጀመርነው ነገር አለ። ጡሩምባ ነፊው ሌሊት ሲለፍፍ ለእነሱ አይደርስም ነበር፤ አሁን መርዶው በስልክ መልእክት ይላክላቸዋል። ይህ ወጪ የለውም። ለጠቅላላ ስብሰባ የምልክት ቋንቋ አስተርጓሚ መጥራት ግን አበል ይጠይቃል።

ጉልበቱ ተገኝቷል። ግንበኛና በያጅ አባሎቻችን በነፃ ይሠራሉ። ዓርብን ለጁምዓ፣ እሑድን ለቅዳሴ ትተን ደቦው ቅዳሜ ቅዳሜ ነው። የጎደለን ሲሚንቶ፣ አሸዋ፣ ጠጠር፣ የብረት ቱቦና ተቀምጠው የሚጠቀሙበት የመጸዳጃ መቀመጫ ነው። ገንዘብ የምትልኩ፣ የባንክ ሒሳቡ በቅሬው ስም የተከፈተ ነው፤ ሦስት ሰው ሳይፈርም አይወጣም። ደረሰኙ በሩ ላይ ይለጠፋል። ቁጥሩን ከቅሬው ፀሐፊ ውሰዱ።

አንድ ልመና፦ አሮጌ ዊልቸር አትላኩልን። ልቡናችሁን እናውቃለን፤ ግን ዊልቸር በሰው ልክ ነው የሚሆነው፣ ያለ ልኩ የተቀመጠ ሰው ገላው ይቆስላል። የተረፈ ቱቦ ካላችሁ ግን ንገሩን፣ በጋሪ መጥተን እንወስዳለን። ብየዳው ክረምት ሳይገባ ማለቅ ስላለበት ብረቱ ይቅደም።