ያ ካሴት አሁንም እጅህ ላይ ነው ወይ?

ኮሎምበስ፣ ኦሃዮ
ግንቦት 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለምወድህ ወንድሜ፤

ለጤናህ እንደምን ሰንብተሃል? እኛ፣ እግዚአብሔር ይመስገን፣ ሁላችንም ደህና ነን። የእናትህን ለቅሶ አለመድረሴን አንተም ታውቃለህ፣ እኔም አውቃለሁ። መርዶውን በሰማሁ ዕለት ስልክ ቁጥርህን አውጥቼ ነበር፤ «ዛሬ ሰው ከቦታል፣ ነገ ረጋ ሲል እደውላለሁ» ብዬ አስቀመጥሁት፤ ነገው ሳምንት፣ ሳምንቱ ዓመት ሆነና በምን አፌ እንደምጀምር ጠፋኝ። አሁን ሦስተኛው ዓመት ነው። ይቅር በለኝ። የእማማን ነፍስ በአጸደ ገነት ያኑርልን። ድንጋይ ተሸክሞ ደጅህ ላይ መቆም የሚገባው ሰው በወረቀት ብዙ ማለት ስለማይገባው የቀረውን ፊት ለፊት ስንገናኝ እላለሁ።

ከዚህ አስከትሎ ስለ ኳስ መጠየቅ ነውር መሆኑ አልጠፋኝም። ይህን ደብዳቤ ሁለት ጊዜ ጽፌ ሁለት ጊዜ ቀድጄዋለሁ። ነገር ግን መጠየቅ አለብኝ፦ ኅዳር 9 ቀን 1999 ዓ.ም.፣ በእነርሱ አቆጣጠር ኖቬምበር 18 ቀን 2006፣ የቀዳነው የኦሃዮ ስቴትና የሚሽጋን ዩኒቨርሲቲዎች የአሜሪካ ፉትቦል ጨዋታ የቪዲዮ ካሴት አሁንም እጅህ ላይ ነው ወይ? በማግሥቱ ጀርባው ላይ በቀይ እስክሪብቶ «አይነካ» ብለህ የጻፍህበትን ማለቴ ነው። ከክሊቭላንድ አቬኑው ቤታችን የለቀቅህ ዕለት በጫማ ካርቶን ውስጥ አድርገህ ከመጻሕፍትህ ጋር ስትጭነው አይቻለሁ።

ምክንያቴን ልንገርህ። ያን ምሽት በእናቷ ሆድ ውስጥ የነበረችው ልጅ ዘንድሮ የሁለተኛ ደረጃ ትምህርቷን ጨርሳለች፤ ከመጡላት ጥሪዎች ሁሉ መርጣ የተቀበለችውም የሚሽጋን ዩኒቨርሲቲን ነው። በነሐሴ ዩኒቨርሲቲው ያለበት ከተማ አን አርበር ትገባለች። ይህን ስታነብ ፊትህ ሲበራ ከዚህ ሆኜ ይታየኛል። ስንት ዓመት ሙሉ እኔን ወደ ሚሽጋንህ ሰማያዊና ቢጫ ለመመለስ ደክመህ አልሆነልህም፤ ልጄን ግን ያለ አንዲት ቃል ወሰድኻት። የኮሎምበስ ሰው ይህን ሲሰማ ምን እንደሚል አንተ አታጣውም፤ በጨዋታው ሳምንት በኦሃዮ ስቴት ግቢ ውስጥ ያሉትን፣ ሚሽጋን የሚጀምርባቸውን የኤም ፊደላት ሁሉ በቀይ ፕላስተር እያጠላለፈ የሚሸፍን ከተማ ነው። ጎረቤቶቻችን «እንኳን ደስ ያላችሁ» ብለው ዝም ይላሉ፤ ዝምታው ግን ይሰማል።

እርሷ የምታውቀው ይህ ጨዋታ እኔና አንተ ከምናውቀው የተለየ ነው። ልብ ብላ መመልከት ከጀመረች ወዲህ ኦሃዮ ሲያሸንፍ አላየችም። በእነርሱ አቆጣጠር በ2021 በበረዶው ውስጥ 42 ለ27፣ በ2022 እዚሁ ሜዳችን ላይ 45 ለ23፣ በ2023 30 ለ24፣ ባለፈው ኅዳር ደግሞ 13 ለ10 ተሸነፍን። የመጨረሻውን አጠገቤ ተቀምጣ ነው ያየችው። ጨዋታው ካለቀ በኋላ የሚሽጋን ልጆች ባንዲራቸውን በሜዳችን መካከል ሊተክሉ ሲሞክሩ ድብድብ ተነሥቶ ፖሊስ ዓይን የሚያቃጥል በርበሬ እስከ መርጨት የደረሰውን አይታ ለረጅም ጊዜ ዝም አለች። ከዚያ «አባዬ፣ እዚያ ስሄድ የኮሎምበስ ልጅ ነኝ ብዬ መናገር እችላለሁ?» ስትል ጠየቀችኝ። ጥያቄዋ የልጅ ጥያቄ አልነበረም፤ ከዚያን ቀን ጀምሮ ሌሊት ሌሊት ይመጣብኛል።

መልስ ይሆናታል ብዬ የነገርኋት ያንተን ምሽት ነው። ቡድኖቹ ሁለቱም 11 ጊዜ ተጫውተው 11 ጊዜ አሸንፈው፣ በአገሪቱ ደረጃ ኦሃዮ አንደኛ ሚሽጋን ሁለተኛ ሆነው ስለተገናኙበት ቀን፤ ከዚህ ሁሉ በላይ ግን ጨዋታው ከመጀመሩ በፊት ስለነበረው ጥቂት ጊዜ። ቦ ሼምበክለር የሞተው በዋዜማው ዓርብ ነበር። ሃያ አንድ የውድድር ዘመን ሚሽጋንን ያሠለጠነ፣ ለኮሎምበስ ሰው የጠላት አለቃ የነበረ ሰው ነው፤ ሆኖም ያን ቀን 105,708 ሰው በተሰበሰበበት በዚያ የፈረስ ጫማ ቅርጽ ባለው ስታዲየም ሕዝቡ ለእርሱ ጸጥ ብሎ ቆመ። ልጄ «ይህማ አይሆንም፣ ደብድበውት ሊሆን የሚችል ሕዝብ!» አለችኝ። አሳይሻለሁ አልኋት። ቃል የገባሁት በቀላሉ የሚገኝ መስሎኝ ነበር።

ወንድሜ፣ በዓይኔ ያየሁትን ነገር መልሶ ማሳየት ይህን ያህል ያስቸግራል ብዬ አልጠረጠርሁም። ዩቲዩብ ላይ የጨዋታውን ስም ስጽፍ ቀድሞ የሚመጣው ሃይላይቱ ነው፤ አሥራ አንዱን ተችዳውን፣ ማለትም ጎሎቹን፣ ደርድሮ ያሳይና ያበቃል። «ሙሉ ጨዋታ» የሚል ያገኘሁትን አንድ ቪዲዮ ማታ ጀምረን ሁለተኛው ሩብ ላይ ስንደርስ ለነገ አቆየነው፤ በማግሥቱ ስንከፍተው በባለመብቱ ጥያቄ ተነሥቷል የሚል ጽሑፍ ብቻ ጠበቀን። ሌላኛው ደግሞ እንዳይያዝ ተብሎ ምስሉ እንደ መስታወት የተገለበጠ ነበር። የኦሃዮው ኳስ ወርዋሪ ትሮይ ስሚዝ፣ ያ ቀኝ እጁ፣ በግራ እጁ ሲወረውር አየሁት፤ ደረቱ ላይ ያለው 10 ቁጥር 01 ሆኗል፤ ውጤቱ የተጻፈበት ሰሌዳ ከቀኝ ወደ ግራ ይነበባል፤ የተንታኞቹም ድምፅ ቀጥኖ የሌላ ሰው ሆኗል። ልጄ አጠገቤ ሆና አንድ ሩብ ሙሉ በትዕግሥት ተመለከተችልኝ። ይህም ቢሆን የሚጀምረው ኳሷ ከተመታችበት ደቂቃ ነው።

ምክንያቱን ቆይቼ ነው የተረዳሁት። ጨዋታውን ያስተላለፈው ኤቢሲ የተባለው የቴሌቪዥን ጣቢያ ነበር፤ የቡድኖቹ ሊግ የራሱ የሆነውን ጣቢያ፣ ቢግ ቴን ኔትወርክን፣ የከፈተው ግን በቀጣዩ ዓመት በነሐሴ 2007 ነው። በእነርሱ አቆጣጠር ከ2017 ወዲህ ደግሞ ይህ ጨዋታ የሚተላለፈው በሌላ ጣቢያ፣ በፎክስ፣ ስለሆነ፣ በየወሩ እየከፈልሁ የማያቸው መተግበሪያዎች የቅርብ ዓመታቱን እንጂ ያንን አይሰጡኝም። አሮጌ ጨዋታዎችን የሚደግሙ ጣቢያዎችም ቢሆኑ ሦስት ሰዓት ተኩል የፈጀውን ነገር በተመደበላቸው ሰዓት ውስጥ ለማስገባት ይቆራርጡታል፤ ሲቆርጡ ደግሞ የሚነሣው ኳስ ያልተነካበት ጊዜ ነው። እኔ የምፈልገው ያንኑ የሚነሣውን ነው። እዚያው አን አርበር የሚገኘው የቤንትሊ ታሪካዊ ቤተ መጻሕፍት የድሮ ጨዋታዎችን ፊልም እንደሚያስቀምጥ አውቃለሁ፤ ነገር ግን ለአሠልጣኞች የሚቀረጽ ፊልም ከላይ የተነሣ፣ ድምፅ የሌለው፣ ከአንዱ አጨዋወት ወደ ሌላው የሚዘል ነው። የሕዝብ ዝምታ በእንዲህ ያለ ፊልም ላይ እንዴት ይታወቃል?

ያንተ ካሴት ግን ከሁሉም ቀድሞ ይጀምራል። ሰዓቱን የሞላሁት እኔ ነኝና አልረሳውም፤ «ቀደም አድርገህ ሙላው፣ ቦን ሳያነሡ አይጀምሩም» ብለኸኝ ነበር። አንተ መጋዘን ሥራ ገባህ፣ እኔ ሌን አቬኑ አጠገብ መኪና ሳቆም ዋልሁ። ማታ አራት ሰዓት ላይ የመኪናህን ሬዲዮ ዘግተህ፣ መስኮቱን ዘግተህ፣ በሩ ላይ «ማንም ውጤት እንዳይነግረኝ!» እያልህ ስትገባ 42 ለ39 ምላሴ ላይ ነበር። አጠገብህ ተቀምጬ ያን ሁሉ ሰዓት እንዴት እንደዋጥሁት እኔ ነኝ የማውቀው። የሚሽጋኑ ማይክ ሃርት መጀመሪያ ሲያገባ ዘለልህ፤ እኔ ወጡ ውስጥ አቀረቀርሁ። ስድስት ደቂቃ ገደማ ሲቀር የእናንተ ተከላካይ ትሮይ ስሚዝን ከመስመር ሲወጣ ጭንቅላት ለጭንቅላት መትቶት ያ ቅጣት ሲሰጥ «ዳኛው ሸጠን» ብለህ የጮኽኸው እስከ ዛሬ ይሰማኛል። ይቅርታ አድርግልኝና፣ በተገለበጠው ቪዲዮም ደጋግሜ አይቼዋለሁ፤ ቅጣት ነው።

ነገር ግን ከዚያ ሁሉ በፊት፣ የቦ ምስል ሲወጣ፣ ጃኬትህን ሳታወልቅ ከሶፋው ተነሥተህ ቆምህ። ዓይንህ እንባ ሞልቶ ነበር። እኔ ሳቅሁብህ፤ «ለኳስ አሠልጣኝ እንዲህ ይለቀሳል?» አልሁህ። አንተ ቁጣ አላሳየኸኝም፤ ኦሃዮ ውስጥ እንደተወለደ፣ ማስተርሱን ከዚሁ ከኦሃዮ ስቴት እንደያዘ፣ የኦሃዮ ስቴቱ አሠልጣኝ የዉዲ ሄይስ ረዳት እንደነበረና በ1969 ሚሽጋን በገባበት ዓመት አስተማሪውን 24 ለ12 እንዳሸነፈው በእርጋታ አስረዳኸኝ። «የሁለቱም ቤት ልጅ ነው፤ ስለዚህ ሁለቱም ይቆማሉ» አልኸኝ። ለልጄ የነገርኋት ይህንኑ ያንተን ቃል ነው። ያን ጊዜ መሳቄን ግን አልነገርኋትም፤ አፍሬ።

ሌላም የምነግርህ አለ፤ ይህን ደብዳቤ ሁለት ጊዜ ያስቀደደኝም እርሱ ነው። ካሴቱ ላይ ቀድሞ የነበረው የእኅትህ ሠርግ መሆኑን ያወቅነው ጨዋታው ሲያልቅ ነው። ስክሪኑ ትንሽ አሸበረቀና ድንገት ከበሮና እልልታ ሆነ፤ እማማ በነጭ ቀሚሳቸው መሐል ገብተው ትከሻቸውን ሲሰብቁ አየናቸው። አንተ ለረጅም ጊዜ ዝም ብለህ ካየህ በኋላ «እማዬ ልታጽናናኝ መጣች» አልህ። ቆይተህም «ጠርዙ ላይ ያለችው ፕላስቲክ አልተሰበረችም ነበር?» ብለህ ጠየቅኸኝ፤ «አልተሰበረችም» አልሁህ። ተሰብራ ነበር። ዴኩ አልቀዳም ብሎ ሁለት ጊዜ ተፋው፤ ሥራ ረፍዶብኝ ስለነበር ቀዳዳውን በፕላስተር ሸፍኜ መልሼ ከተትሁት። ባለቤቱ እንዳይጠፋ የዘጋው ካሴት መሆኑን እያወቅሁ ነው ያደረግሁት። ዋናው ቅጂ አገር ቤት እንደጠፋ በኋላ ስትነግረኝም ቃል አልተነፈስሁም። የእማማን መርዶ የሰማሁ ዕለት ስልኩን ከእጄ ያስቀመጠው ይህ ነገር ነው፤ የሰው ብዛት አልነበረም።

በዝግታው ፍጥነት ስለቀዳሁት ጨዋታው የካሴቱን ሁለት ሦስተኛ እንጂ ሁሉንም አልያዘም፤ ከሠርጉ የመጨረሻዎቹ አርባ ደቂቃዎች መትረፋቸውን አስቤዋለሁ። የሚሠራ ዴክ አግኝቼ ገዝቻለሁ፤ በሌሎች ካሴቶች ሞክሬው ሳያኝክ ያጫውታል። ወደ ኮምፒዩተር የሚገለበጥበትን ገመድም አዘጋጅቻለሁ። ልጄን ለማድረስ በነሐሴ ሦስተኛው ሳምንት ወደ አን አርበር ስንመጣ ዴኩን መኪናው ውስጥ ጭኜው እመጣለሁ፤ ከፈቀድህልኝ እቤትህ ተቀምጠን ከመጀመሪያው ደቂቃ እስከ መጨረሻው እልልታ ድረስ እንገልብጠው። አርባው ደቂቃ ላንተና ለእኅትህ ነው። ለእኔ ልጅ ያ ከኳሱ በፊት ያለው ጥቂት ጊዜ ይበቃታል። እዚያ አገር ደግሞ አንድ የምታንኳኳው በር ቢኖራት... ይህንን በአካል ልለምንህ።

እስከዚያው አደራህን፣ ካሴቱን ያገኘኸው እንደሆነ በማናቸውም አሮጌ ዴክ አትሞክረው። ክዳኑን ገለጥ አድርገህ ጥቁሩ ፊልም ላይ ነጭ ሻጋታ መኖር አለመኖሩን በብርሃን ብቻ ተመልከት፤ ካለበት ሳትነካው በደረቅ ቦታ አቁመህ አስቀምጠውና ጻፍልኝ። ከሌለህም ጻፍልኝ።

ወንድምህ