ክልል ላይ መቆየት መቅረት አይደለም

ውድ አዘጋጅ፣

በቅርቡ ስለ አንድ አንጋፋ የክልል ቴሌቪዥን ዜና አቅራቢ ያወጣችሁትን ጽሑፍ አነበብኩት። ደግ ጽሑፍ ነው። አንዲት ሐረግ ግን ከነከነችኝ፤ «ወደ ብሔራዊው ጣቢያ መሻገር ባይሳካለትም» የምትለዋ። ክልል መለማመጃ፣ ዋና ከተማ መድረሻ ነው የሚል ሰው ብዙ ነው። እኔ አልስማማም።

እንግሊዛዊውን ዜና አቅራቢ ሃሪ ግሬሽንን እንውሰድ። ድሮ የታሪክ አስተማሪ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1982 ከሊድስ የሚተላለፈውን የቢቢሲ የዮርክሻየር ዜና «ሉክ ኖርዝ»ን ማቅረብ ጀመረ። በ1990ዎቹ አጋማሽ ለቅቆ ለራግቢ ሊግ በሕዝብ ግንኙነት ሠራ። በ1999 ግን ተመልሶ እዚያው ወንበር ላይ ቁጭ አለ፤ እስከ 2020 ድረስ። በሀገር አቀፍ የስፖርት ስርጭትም ሠርቷል፤ ስለዚህ መንገዱ ጠፍቶት አይደለም። አሜሪካ፣ ሂዩስተን ከተማ ላይ ደግሞ ዴቭ ዋርድ በ1966 በኬቲአርኬ ጣቢያ ዘጋቢ ሆኖ ተቀጠረ። ዜና ማንበቡን ያቆመው በ2017 ነው። ሰላምታው «እንደምን አመሻችሁ፣ ወዳጆቼ» ነበር። ግማሽ ምዕተ ዓመት አንድ ከተማን እንዲህ እያሉ ሰላም ማለት መቅረት ከተባለ እንግዲህ ምን ይባላል!

ጽሑፋችሁ ስለ አቅራቢው ድምፅና አለባበስ ብዙ ብሏል። እሱስ ይሁን። ግን ካሜራው ፊት ባለው የጽሑፍ ማሳያ (ቴሌፕሮምፕተር) ላይ የሚያልፈውን ጽሑፍ ጥሩ ድምፅ ያለው ሁሉ ያነብበዋል። የቆየ ሰው የሚለየው ከተጻፈው ውጭ ሲኬድ ነው። ወንዝ ሞልቶ ቀጥታ ስርጭት ሲጀመር የትኛው መንደር ከግድቡ በታች እንዳለ ማንንም ሳይጠይቅ ያውቃል። የቦታ ስም አያበላሽም። ተመልካች ደግሞ የሰፈሩን ስም ካበላሸህበት የቀረውንም ዜና አያምንህም።

ከሁሉም በላይ ትዝታው አለ። አንድ ባለሥልጣን ስቱዲዮ ገብቶ «መንገዱ በቅርቡ ያልቃል» ሲል፣ ፊት ለፊቱ የተቀመጠው ሰው ይህንኑ መልስ ከዓመታት በፊት ከሌላ ባለሥልጣን የሰማ ነው። አዲስ አቅራቢ «እናመሰግናለን» ብሎ ያልፋል። ነባሩ ግን «ያኔም እንዲህ ተብሎ ነበር እኮ» ይላል። ለዚህች አንዲት ጥያቄ ስል ሽበቱንም፣ አልፎ አልፎ የሚደጋግማትን ቀልድም እችላለሁ።

ሽበት ካነሳሁ አይቀር፣ እሱም ለሁሉም እኩል አልተፈቀደም። እዚያው አሜሪካ፣ ካንሳስ ሲቲ ላይ ክሪስቲን ክራፍት በ1981 ከዜና አቅራቢነት ስትነሳ ገና በሠላሳዎቹ ዕድሜ ላይ ነበረች። አርጅተሻል፣ መልክሽም አይስብም፣ ለወንዶችም አትታዘዢም ተብያለሁ ብላ የጣቢያውን ባለቤት ኩባንያ ከሰሰች። ከሕዝብ የተመረጡ ፈራጆች (ጁሪ) በሁለት ችሎት ፈረዱላት፤ ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት ግን ሻረባት። እንግዲህ «አንጋፋ» ብለን የምንሸኛቸው አብዛኞቹ ወንዶች ቢሆኑ ምን ይገርማል?

ስለዚህ አንድ ልመና አለኝ። እንዲህ ያሉ ሰዎችን ለመጻፍ ስንብታቸውን አትጠብቁ። ገና ሥራ ላይ ሳሉ ሂዱና ስለ ክራቫታቸው ሳይሆን ስላልተመለሱላቸው ጥያቄዎች ጠይቋቸው። አጠገባቸው ለዓመታት አብረው ዜና ያነበቡ ሴቶች የት እንደደረሱም አብራችሁ ጠይቁልን።

ከአክብሮት ጋር፣
የዘወትር አንባቢያችሁ